አስይዘህ ተከራከር፦ የህንድ የአገልግሎት ዳረጎት ሕግና የይግባኝ ቀን ቆጠራ



በዚህ ገጽ ላይ አዘውትረን የምንነጋገረው ስለ ሥልጣን ነው። ማን ያዘው፣ ከማን ነጠቀው፣ ለማንስ ያስረክበዋል የሚሉት ጥያቄዎች አብዛኛውን ቀለማችንን ጨርሰውታል። ዛሬ የማነሣው ሥልጣን ግን በቤተ መንግሥት አካባቢ የሚገኝ አይደለም። ሁለት ሰዎች በአንድ ገንዘብ ሲካሰሱ፣ ክርክሩ እስኪቋጭ ድረስ ገንዘቡን በእጅ ይዞ የመቆየት ሥልጣን ነው። አዋጅ አይነገርለትም፤ ዘብም አይቆምለትም። ሆኖም አንድ ሠራተኛ ሃያ ዓመት የደከመበትን ክፍያ በሕይወት ሳለ ማግኘት አለማግኘቱን ብዙ ጊዜ የሚወስነው ይኸው ሥልጣን ነው።

ነገሩን በታሪክ ለመመርመር ወደ ህንድ መሻገርን መርጫለሁ። ህንድ በ1972 ለሠራተኞቿ አንድ መብት ሰጠች። ከዐሥራ ሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1984፣ በዚያው ሕግ የይግባኝ አንቀጽ ላይ አንድ ዓረፍተ ነገር ጨመረች። የዛሬው ጽሑፌ ጉዳይ ያች አንዲት ዓረፍተ ነገር ናት። (የህንድን ታሪክ ሳወሳ ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ የአገራችንን ሕጎች ስጠቅስ ግን «ዓ.ም.» እያልሁ በራሳችን አቆጣጠር እጽፋለሁ።)

ከችሮታ ወደ መብት

አስቀድመን ቃሉን እንመልከት። ረጅም ጊዜ ያገለገለ ሠራተኛ ሲሰናበት በአንድ ጊዜ የሚከፈለውን ገንዘብ እንግሊዞች የሚጠሩበት ቃል ሥሩ ላቲን ነው፤ ትርጉሙም ወደ ጸጋና ወደ ምስጋና ያመራል። የእኛም የጡረታ ሕጎች ለዚህ ዓይነቱ ክፍያ የመረጡት ቃል «ዳረጎት» ነው፤ እርሱም በተራው አነጋገር ስጦታን፣ ችሮታን ያስታውሳል። ሁለቱም ቋንቋዎች ሠራተኛው ሠርቶ ያገኘውን ነገር በሰጪው ደግነት ስም ጠርተውታል ማለት ነው። የስሙ ጉዳይ ቀላል አይምሰለን። ችሮታ ቀነ ገደብ የለውም፤ ይግባኝም አይባልበትም። የተቸረው ያመሰግናል፣ ያልተቸረው ዝም ይላል።

በህንድም ነገሩ የጀመረው እንዲሁ ነበር። የፋብሪካ ባለቤት ደስ ሲለው ለሽማግሌ ሠራተኛው ጥቂት ገንዘብ ይሰጠዋል፤ ደስ ካላለው ያሰናብተዋል። የ1947ቱ የኢንዱስትሪ ክርክር ሕግ ከወጣ በኋላ የኢንዱስትሪ ክርክር ዳኞች የዳረጎት ጥያቄ እየቀረበላቸው፣ እንደ ድርጅቱ አቅም የክፍያ ሥርዓት እየወሰኑ ሄዱ። በ1955 ዳረጎትን በአገር አቀፍ ሕግ በመጎናጸፍ ጋዜጠኞች ቀዳሚ ሆኑ። ይህም ቢሆን ያለ ሙግት አልተገኘም፤ በ1958 የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ለሦስት ዓመት አገልግሎ በፈቃዱ የሚለቅ ጋዜጠኛም ዳረጎት እንዲከፈለው ያዘዘውን ክፍል ሻረው። በ1961 ደግሞ ያው ፍርድ ቤት ዳረጎት በረጅም አገልግሎት የተገኘ በመሆኑ ሠራተኛው በጥፋት ቢሰናበት እንኳ ጠቅልሎ ሊነፈገው አይገባም የሚል አቋም ያዘ። በዚህ ጊዜ ችሮታ የነበረው ነገር ወደ ዕዳነት ተለወጠ ማለት ይቻላል። ኬረላ በ1970፣ ምዕራብ ቤንጋል በ1971 የየራሳቸውን ሕግ ሲያወጡ፣ ማዕከላዊው መንግሥትም ለመላ አገሪቱ አንድ ወጥ ሕግ ማውጣት ግድ ሆነበት።

የዳረጎት ክፍያ ሕጉ ሴፕቴምበር 16 ቀን 1972 ሥራ ላይ ዋለ። ፋብሪካዎችን፣ የማዕድንና የነዳጅ ቦታዎችን፣ ሰፋፊ እርሻዎችን፣ ወደቦችን፣ የባቡር ድርጅቶችን፣ እንዲሁም ዐሥርና ከዚያ በላይ ሠራተኛ ያላቸውን ሱቆችና ድርጅቶች አቀፈ። አምስት ዓመት ሳያቋርጥ ያገለገለ ሠራተኛ ጡረታ ሲወጣ ወይም በፈቃዱ ሲለቅ ለእያንዳንዱ የአገልግሎት ዓመት የ15 ቀን ደመወዝ ይታሰብለታል። ሠራተኛው ቢሞት ወይም በአደጋና በበሽታ መሥራት ቢሳነው የአምስት ዓመቱ ገደብ ይቀራል። ሕጉ ሲወጣ የወር ደመወዛቸው ከ1,000 ሩፒ በላይ የሆነ ሠራተኞችን አይጨምርም ነበር፤ ይህ ጣሪያ በ1984 ወደ 1,600 ሩፒ ከፍ አለ፣ በ1994 ጨርሶ ተነሣ።

ሁለት ዓይነት ቀን ቆጠራ

የሕጉንና የማስፈጸሚያ ደንቡን የቀን ገደቦች ጎን ለጎን ያስቀመጠ ሰው አንድ ነገር ልብ ይላል። ቀኑ ለሁለቱ ወገኖች እኩል አይቆጠርም።

ሠራተኛው ዳረጎቱ ከሚገባው ቀን አንሥቶ በ30 ቀን ውስጥ ለአሠሪው እንዲያመለክት ደንቡ ያዛል። ቢዘገይስ? ደንቡ በመዘግየቱ ብቻ ጥያቄው ዋጋ እንደማያጣ በግልጽ ደነገገ። አሠሪው በበኩሉ ሠራተኛው አመለከተም አላመለከተም ሒሳቡን አስልቶ ለሠራተኛውም ሆነ «ተቆጣጣሪ ባለሥልጣን» ለተባለው የመንግሥት ሹም በጽሑፍ ማስታወቅ ነበረበት። ማንበብና መጻፍ የማይችል የሻይ ተክል ሠራተኛ ቀን በመቁጠር ከድርጅት ጠበቃ ጋር እንደማይወዳደር ሕግ አውጪው ያውቅ ነበር። ስለዚህ ለደካማው ጊዜን አለዘበ፣ ለብርቱው አጠበቀ።

በመጠኑ ወይም በመብቱ ላይ ክርክር ሲነሣ ጉዳዩን የሚሰማው ተቆጣጣሪው ባለሥልጣን ነው። በእርሱ ውሳኔ ቅር የተሰኘ ወገን፣ አሠሪም ይሁን ሠራተኛ፣ ትእዛዙ ከደረሰው ቀን ጀምሮ በ60 ቀን ውስጥ ይግባኝ ማለት ይችላል። በቂ ምክንያት ካቀረበ ይግባኝ ሰሚው ሌላ 60 ቀን ሊጨምርለት ይችላል። ድምሩ 120 ቀን ነው። ከዚያ በኋላ ይግባኝ ሰሚው በሩን የሚከፍትበት ሥልጣን እንደሌለው በልዩ ልዩ ግዛቶች ያሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች ወስነዋል። ትእዛዙ ጸንቶ ሳለ አልከፍልም ያለ አሠሪ ሲገኝ ደግሞ ገንዘቡ እንደ ውዝፍ የመሬት ግብር በመንግሥት ሰብሳቢ አማካይነት፣ ከነወለዱ፣ ይወጣበታል።

በወረቀት ላይ ሲታይ ምን ይጎድለዋል? ይሁንና የ1972ቱ ሕግ አንድ ትልቅ ቀዳዳ ነበረበት።

ሙሉ በሙሉ የካደ ያተርፋል

ሕጉ ክርክር ሲነሣ አሠሪው «ይህን ያህሉን አምናለሁ» የሚለውን ገንዘብ ለተቆጣጣሪው ባለሥልጣን እንዲያስይዝ ያዝዝ ነበር። ሐሳቡ መልካም ነው። ያልተካደው ገንዘብ ከክርክሩ ወጥቶ ወደ ሠራተኛው ይሄዳል፤ ክርክሩም በቀሪው ላይ ብቻ ይቀጥላል። ነገር ግን ይህ ደንብ በአሠሪው ህሊና ላይ የተመሠረተ ነው። ግማሹን ያመነ ግማሹን ያስይዛል። ጥቂት ያመነ ጥቂት ያስይዛል። «ይህን ሰው አላውቀውም» ብሎ ጭራሽ የካደ ግን ምንም አያስይዝም። ሕጉ ሳያስበው ሐቀኛውን ቀጥቶ ከሃዲውን ሸለመ።

ነገሩ እንዲጨበጥ አንድ ምሳሌ እንሥራ። የወር ደመወዙ 1,300 ሩፒ የሆነ፣ ሃያ ዓመት ያገለገለ ሠራተኛ እንበል። በህንድ አሠራር የወሩ ደመወዝ ለ26 የሥራ ቀን ስለሚካፈል የቀን ደመወዙ 50 ሩፒ ይሆናል። የ15 ቀኑ 750፣ የሃያው ዓመት ደግሞ 15,000 ሩፒ ነው። ተቆጣጣሪው ይህን ገንዘብ ክፈል ብሎ ወሰነ እንበል። አሠሪው በስልሳኛው ቀን ይግባኝ ይላል። ገንዘቡን በንግዱ ውስጥ እያዘዋወረ በዓመት ዐሥር በመቶ ቢያተርፍበት፣ አንድ ዓመት የዘለቀ ይግባኝ 1,500 ሩፒ ያስገባለታል። የጠበቃው ወጪ ከዚህ ካልበለጠ ሙግቱ ራሱን በራሱ ይከፍላል። ስለዚህ ይግባኝ የሚለው እረታለሁ ብሎ መሆን የለበትም፤ መዘግየቱ ብቻ ይበቃዋል።

በሌላ በኩል ሠራተኛው ደመወዙ ተቋርጧል። እህል ገዝቶ መብላት፣ ልጅ መዳር፣ መድኃኒት መግዛት አለበት። ከስድስት ወር በኋላ አሠሪው «አምስት ሺውን ተቀበልና ክርክሩን ተው» ቢለው ምን ይመርጣል? ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ የሚለው ተረታችን ለዚህ ሰው የተነገረ ይመስላል። መብቱ በሕግ አለ፤ በፍርድም ጸንቷል፤ ገንዘቡ ግን በባላጋራው ካዝና ነው።

የ1984ቱ ዓረፍተ ነገር

ከጁላይ 1 ቀን 1984 ጀምሮ በሥራ ላይ የዋለው ማሻሻያ በይግባኙ ንኡስ አንቀጽ ሥር አንድ ተጨማሪ ቅድመ ሁኔታ አስገባ። ፍሬ ሐሳቡ ይህ ነው፦ አሠሪ ያቀረበው ይግባኝ ተቀባይነት የሚኖረው፣ ይግባኙን ሲያቀርብ የዳረጎቱን ገንዘብ በተቆጣጣሪው ባለሥልጣን ዘንድ ማስያዙን የሚያስረዳ የምስክር ወረቀት ካያያዘ፣ ወይም ገንዘቡን ለይግባኝ ሰሚው ካስያዘ ብቻ ነው። እኛ አገር ጠበቆች «በሞዴል 85 አስይዝ» እንደሚሉት ዓይነት መሆኑ ነው።

የአንቀጹ አጻጻፍ ራሱ በሽታውን ይናገራል። ሦስት ነገሮችን ልብ እንበል።

አንደኛ፣ ግዴታው በአሠሪው ላይ ብቻ የተጣለ ነው። ይግባኝ የሚል ሠራተኛ ምንም አያስይዝም፤ የሚያስይዘውም የለውም። ሁለተኛ፣ ገንዘቡ ከአሠሪው እጅ ይወጣል እንጂ ወዲያው ለሠራተኛው አይሰጥም። በገለልተኛ እጅ ይቀመጣል። አሠሪው ቢረታ ይመለስለታል፤ ቢረታበት ሠራተኛው አፈጻጸም እያለ ከቢሮ ቢሮ ሳይንከራተት ይወስደዋል። ሦስተኛ፣ ጊዜው «ይግባኙን ሲያቀርብ» ነው። አቤቱታውን ዛሬ አስገብቼ ገንዘቡን ኋላ አመጣለሁ የሚል ብልጠት እንዳይኖር ተብሎ ማስያዙ ከቀነ ገደቡ ጋር ተጣምሯል። በ60 ቀን፣ ምክንያት ካለው በ120 ቀን ውስጥ ገንዘቡን ይዞ ያልቀረበ አሠሪ በጊዜው ይግባኝ አላለም ማለት ነው።

በዚህ አንድ ዓረፍተ ነገር የመዘግየት ትርፍ ተነቀለ። ከእንግዲህ ይግባኝ የሚለው እረታለሁ ብሎ ከልቡ የሚያምን አሠሪ ነው። ቀጥሎም የ1987ቱ ማሻሻያ ክፍያው በ30 ቀን ውስጥ እንዲፈጸም፣ ለዘገየ ዳረጎት ወለድ እንዲከፈል ደነገገ፤ መንግሥት በዚያው ዓመት ወለዱን በዓመት 10 በመቶ አድርጎ ወሰነ። በ2003 ደግሞ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ መዘግየቱ በሠራተኛው ጥፋት እስካልሆነ ድረስ ወለዱ የዳኛ ችሮታ ሳይሆን ግዴታ መሆኑን አጸና። ሕጉ ራሱ በማኅበራዊ ዋስትና ሕግ ተተክቶ፣ አዲሱ ሕግ ኖቬምበር 21 ቀን 2025 ሥራ ላይ ሲውል፣ የ60 ቀኑም ሆነ የማስያዙ ደንብ ወደ አዲሱ ተሻግረዋል። አርባ ዓመት ተፈትኖ ያልተጣለ ደንብ ነው።

ይህ ማለት ግን ሁሉም ነገር ተስተካከለ ማለት አይደለም። እኔም በማስተማር የምተዳደር ነኝና የህንድ መምህራን ታሪክ ያሳዝነኛል። በ2004 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በሕጉ ትርጓሜ መሠረት መምህር «ሠራተኛ» አይባልም ሲል ወሰነ። ምክር ቤቱ በ2009 ትርጓሜውን አሻሽሎ ከኤፕሪል 3 ቀን 1997 ጀምሮ ወደኋላ ተፈጻሚ አደረገው። የግል ትምህርት ቤቶች ማሻሻያውን ተቃውመው ተሟገቱ፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ማሻሻያውን ያጸናው በ2022 ነው። በ1997 ጡረታ የወጣ መምህር የመብቱን መጨረሻ ለመስማት 25 ዓመት መኖር ነበረበት። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት ይህ አይደለምን?

ተቃውሞውም ይሰማ

ይህን ደንብ ለተማሪዎቼ ሳስረዳ ሁልጊዜ አንድ ተገቢ ጥያቄ ይነሣል። ይግባኝ መብት ከሆነ መብትን በገንዘብ ማሠር እንዴት ይቻላል? ዐሥራ ሁለት ሠራተኛ ያለው አነስተኛ ድርጅት ያንን ገንዘብ ከየት ያመጣል?

ጥያቄው ክብደት አለው። ደንቡ ለይግባኝ ሰሚው የማዘን ሥልጣን አልተወለትም፤ ድኻውን አሠሪም ከበርቴውንም በአንድ ዓይን ያያል። የመጀመሪያው ውሳኔ በግልጽ የተሳሳተ ሲሆን የማስያዙ ሸክም ያለ አግባብ ይወድቃል። በዚህም ምክንያት አንዳንድ አሠሪዎች ይግባኙን ትተው በቀጥታ ወደ ከፍተኛ ፍርድ ቤት በልዩ አቤቱታ ሲሮጡ ይታያሉ፤ ፍርድ ቤቶቹም ብዙ ጊዜ የይግባኙን መንገድ ሳትጨርሱ አትምጡ እያሉ ይመልሷቸዋል።

ሆኖም በበኩሌ ሚዛኑ ወደ ደንቡ ያደላል እላለሁ። የሚያስይዘው ገንዘብ በድንገት የወደቀበት ዕዳ አይደለም። ሠራተኛው በኖረበት በእያንዳንዱ ዓመት ሲጠራቀም የኖረ፣ ጠንቃቃ ነጋዴ ለብቻው ሊያስቀምጠው የሚገባ ገንዘብ ነው። በዚያ ላይ አንድ ሥልጣን ያለው ዳኛ መርምሮ ወስኖበታል። ማስያዝም ማጣት አይደለም። ደግሞስ ነገሩ ለእኛ ባዕድ ነውን? በቀድሞው የአገራችን የሙግት ሥርዓት ተሟጋች ዋስ ሳይጠራ ነገሩ አይያዝለትም ነበር፤ በማር፣ በፈረስ፣ በበቅሎ መወራረድም የሙግቱ አካል ነበር። አባቶቻችን ምንም ሳያስይዝ የሚከራከር ሰው ነገርን እንደሚያበዛ ከማንም ሳይማሩ ያውቁ ነበር።

ወደ ቤታችን ስንመለስ

የእኛ አገር የሥራ ስንብት ክፍያ ከህንዱ ዳረጎት ጋር አንድ አይደለም። የሚከፈልባቸው ምክንያቶች ይለያያሉ፤ ከጡረታ ጋር ያለው ግንኙነትም ሌላ ነው። ነገር ግን የሠራተኛውና የአሠሪው አቋም በሙግት ጊዜ ያው ነው። በ377/1996ም ሆነ በተካው በአዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት ክፍያው ለመጀመሪያው ዓመት የ30 ቀን ደመወዝ ሆኖ፣ ለእያንዳንዱ ተጨማሪ ዓመት የዚህ ሲሶ ይጨመራል፤ ጠቅላላው ከዐሥራ ሁለት ወር ደመወዝ አይበልጥም። ሃያ ዓመት ያገለገለ ሰው የ220 ቀን ደመወዝ ያገኛል ማለት ነው። አሠሪው በሰባት የሥራ ቀን ውስጥ ይክፈል፤ ካዘገየ እስከ ሦስት ወር ደመወዝ ሊቀጣ ይችላል። ይግባኝ በ30 ቀን ውስጥ ይባል፤ ፍርድ ቤቶችም በ60 ቀን ይወስኑ። በቁጥር ረገድ ሕጋችን ከህንዱ ይልቅ ፈጣን ነው።

ሁለት ነገር ግን ልብ ይባል። የመጀመሪያው የቀን ቆጠራው አቅጣጫ ነው። ከሥራ ውል መቋረጥ የሚመነጭ የክፍያ ጥያቄ በስድስት ወር ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል። የህንዱ ደንብ ለዘገየው ሠራተኛ የለዘበውን ያህል የእኛ ይርጋ በእርሱ ላይ የጠነከረ ነው። ሁለተኛው የማስያዙ ጉዳይ ነው። ተፈርዶበት ይግባኝ የሚል አሠሪ የፍርዱን ገንዘብ እንዲያስይዝ የሚያስገድድ ድንጋጌ በአሠሪና ሠራተኛ አዋጃችን ውስጥ የለም። የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ፍርድ ቤት የአፈጻጸም እግድ ሲሰጥ ዋስትና እንዲጠይቅ መንገድ ከፍቷል፤ ይህ ግን እግድ ለተጠየቀበት ጉዳይ የተበጀ፣ በየችሎቱ የሚመዘን ነገር ነው እንጂ የይግባኝ በር መግቢያ አይደለም።

እንግዲህ ሕግ አውጪያችን የማስያዝን ጥበብ ሳያውቀው ቀርቶ ይሆን? አይደለም። በ1994 ዓ.ም. የወጣው የገቢ ግብር አዋጅ የተወሰነበትን ግብር የሚቃወም ግብር ከፋይ ይግባኙ እንዲሰማለት አከራካሪ ከሆነው ግብር 50 በመቶውን አስቀድሞ እንዲያስይዝ ያዝዝ ነበር። በ2008 ዓ.ም. የወጣው የታክስ አስተዳደር አዋጅም ይህንኑ መርሕ ወረሰ። መንግሥት የራሱ ገንዘብ ሲሆን ጊዜ በማን ወገን እንደሚሠራ አሳምሮ ያውቃል ማለት ነው። ለግምጃ ቤቱ ሲሆን ገንዘቡ ይቀድማል፣ ክርክሩ ይከተላል። ለተሰናበተው ሠራተኛ ሲሆን ግን ክርክሩ ይቀድማል፣ ገንዘቡም ከደረሰ ይደርሳል። ያውም ግብር ከፋዩ የሚያስይዘው ገና ዳኛ ያላየውን ሒሳብ ነው፤ አሠሪው ግን በፍርድ ቤት ተፈርዶበትም አያስይዝም። ከሁለቱ ወገኖች ይበልጥ መጠበቅ የሚችለው የትኛው ነው? ግምጃ ቤቱ ወይስ ደመወዙ የተቋረጠበት ሰው?

የህንዱን ቃል በቃል እንቅዳ አልልም። የድርጅቶቻችን አቅም ይለያያል፤ ለትንሹ አሠሪ ከሙሉው ገንዘብ ይልቅ ከፊሉን፣ ወይም የባንክ ዋስትናን መቀበል ይቻላል። ዳኛውም በልዩ ምክንያት የሚያቃልልበት ጠባብ መስኮት ይኑረው። ነገር ግን መርሑ በሕጉ ውስጥ ይጻፍ፦ የስንብት ክፍያ እንዲከፍል የተፈረደበት አሠሪ ይግባኝ ሲል ገንዘቡን ከእጁ ያውጣ። ይህን ለመጻፍ አዲስ መሥሪያ ቤት አያስፈልግም፤ በጀትም አይጠይቅም። ህንዶች አንድ ዓረፍተ ነገር በቅቷቸዋል፤ ዐሥራ ሁለት ዓመት የፈጀባቸው የት ቦታ መጻፍ እንዳለበት ማወቁ ብቻ ነበር። እኛ ከእነርሱ አይተን ያንን ዓመት መቆጠብ እንችላለን።

ቸር ይግጠመን።